ለእኛም ተጮኾልን ነበር

ሜይ 24 ቀን 1991 ዓርብ ነበር (ዘመኑን ሁሉ እዚህ እስራኤል እንደለመድነው በአውሮፓውያን አቆጣጠር እጽፋለሁ)። በዚያን ዕለት በዘመቻ ሰሎሞን የእስራኤል አውሮፕላኖች ቦሌ እያረፉ እኛን ኢትዮጵያውያን አይሁድን ይጭኑ ጀመር፤ በ36 ሰዓት ገደማ ውስጥ 14,325 ነፍስ ከአዲስ አበባ ወጣ። በዚያችው ዓርብ የሻዕቢያ ተዋጊዎች አስመራ ገቡ፤ የከተማው ሰው በእልልታ አደባባይ ወጣ። እኛ ከደርግ አፈና በወጣንበት ቀን ኤርትራውያን አፈናው ከአገራችን ወጣ ብለው ጨፈሩ። በእናቱ ጀርባ ታዝሎ ቤን ጉሪዮን የወረደው ሕፃን ዛሬ በአሽዶድ ከተማ የሮቫ አሌፍ ሰፈር አባወራ ነው። መርጧል፤ የመረጠውን ተራግሟል፤ በደል ሲደርስበት መንገድ ዘግቶ ጮኋል። በእናቱ ጀርባ ሆኖ የአስመራን እልልታ የሰማው ሕፃን ግን ሠላሳ ዓመት አልፎት አንድም ቀን መንግሥቱን መርጦ አያውቅም። ምናልባት ወታደር ነው፤ ምናልባት እስረኛ ነው፤ ምናልባት ሲና በረሃ ቀርቷል፤ ምናልባትም በሠርግ አዳራሽ ጓዳ የበላንበትን ሳህን የሚያጥበው እሱ ነው።

እናቶቼና አባቶቼ፣ ቄሶቻችንና ሽማግሌዎቻችን፣ በሠራዊት ያላችሁና አገልግሎታችሁን የጨረሳችሁ ልጆቻችን፦ የምጠራችሁ ለዚህ ሰው እንድንቆም ነው። በኤርትራ እስር ቤቶች ያለ ፍርድ ለተረሱት፣ ከዚያ አምልጠው እዚህ እስራኤል ውስጥ ዕድሜያቸውን በጊዜያዊ ወረቀት ለሚገፉት፣ የሮቫ አሌፍ ኢትዮጵያውያን በስማችንና በፊርማችን፣ በአደባባይ እንናገርላቸው።

አገሩን ቀረብ ብለን እንየው። ኤርትራ በ1993 በሕዝበ ውሳኔ ነጻነቷን አወጀች። በሜይ 1997 ሕገ መንግሥት አጸደቀች፤ ያ ሕገ መንግሥት አንድ ቀን ሳይሠራበት እስከ ዛሬ አለ። አገር አቀፍ ምርጫ ተደርጎ አያውቅም። ብሔራዊ ሸንጎው ከ2002 ወዲህ አልተሰበሰበም። ፓርቲው አንድ ነው፤ ፕሬዚዳንቱም ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ኢሳይያስ አፈወርቂ ናቸው። የመንግሥት በጀት ስንት እንደሆነ ሕዝቡ አይነገረውም። የግል ጋዜጣም ሆነ የግል ሬዲዮ የለም። ከአገር ለመውጣት የመውጫ ፈቃድ ያስፈልጋል፤ ለአገልግሎት የደረሰ ወጣት ደግሞ ፈቃዱን አያገኝም።

እንዲህ ሆኖ የተወለደ አገር አልነበረም። በሜይ 2001 አሥራ አምስት ከፍተኛ ባለ ሥልጣናትና የትግሉ አንጋፋዎች ግልጽ ደብዳቤ ጻፉ። ሕገ መንግሥቱ ይተግበር፣ ምርጫ ይደረግ፣ የፓርቲው ጉባኤ ይጠራ አሉ። የዓለም ዐይን በኒውዮርክ ጭስ ላይ ተተክሎ በነበረበት ሰሞን፣ ሴፕቴምበር 18 እና 19 ቀን 2001፣ ከመካከላቸው አሥራ አንዱ ታሰሩ። በሴፕቴምበር 18 የግል ጋዜጦች በሙሉ ተዘጉ፤ ጋዜጠኞቹም እየታደኑ ተለቀሙ። ከታሰሩት ውስጥ ጴጥሮስ ሰሎሞን፣ ኃይለ ወልደትንሣኤ፣ መሐሙድ አሕመድ ሸሪፎ እና አስቴር ፍሥሐጽዮን ይገኛሉ። አገሪቱን ከበረሃ ጀምሮ ያቆሙ፣ አንዳንዶቹም በሚኒስትርነት የመሩ ሰዎች ናቸው። ክስ አልተመሠረተባቸውም፤ ዳኛ ፊት አልቀረቡም፤ የት እንዳሉ፣ ማን በሕይወት እንዳለ ለቤተሰብ አልተነገረም። የጴጥሮስ ባለቤት አስቴር ዮሐንስ ለትምህርት አሜሪካ ነበረች። በዲሴምበር 2003 ወደ ልጆቿ ተመለሰች። ልጆቹ ሊቀበሏት አውሮፕላን ማረፊያ እየጠበቁ ሳለ፣ ሳያዩአት ከዚያው ተወሰደች።

ከ«ሰቲት» ጋዜጣ ባለቤቶች አንዱ ዳዊት ይስሐቅ የስዊድን ዜጋም ነው። ከሴፕቴምበር 23 ቀን 2001 ጀምሮ እስር ላይ ነው፤ አውሮፓ ሁሉ ስሙን ጠርቶ አላስፈታውም። ሲሃም ዓሊ ደግሞ ሎስ አንጀለስ የተወለደች ልጅ ናት። አባቷ የማስታወቂያ ሚኒስትር ነበሩ፤ በ2012 ከድተው ከአገር ወጡ። በዚያው ዓመት ዲሴምበር የአሥራ አምስት ዓመቷ ሲሃም ወደ ሱዳን ልትሻገር ስትል ተያዘች፤ ከዚያ ወዲህ ማንም አላያትም። አሥራ አምስት ዓመት ማለት የባት ሚጽቫዋ ቀሚስ ገና ያልጠበባት ልጅ ናት። የኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያኑ ፓትርያርክ አቡነ አንጦንዮስ፣ መንግሥት በቤተ ክህነት ጉዳይ እጁን አያስገባ ስላሉ ከመንበራቸው ተነሡ፤ በ2022 እስኪያርፉ ድረስ በቁም እስር ቆዩ። ሦስት የይሖዋ ምስክሮች ጠመንጃ አንይዝም በማለታቸው ከ1994 እስከ 2020 ያለ ፍርድ ታስረዋል። ሃያ ስድስት ዓመት!

ሌላው ቀንበር ብሔራዊ አገልግሎቱ ነው። በ1995 የወጣው አዋጅ አሥራ ስምንት ወር ይላል። ከ2002 ወዲህ ግን ማብቂያ የለውም። ተማሪው አሥራ ሁለተኛ ክፍልን የሚጨርሰው በሳዋ ወታደራዊ ካምፕ ነው፤ ከዚያ መንግሥት በወሰነለት ቦታ፣ መንግሥት በወሰነለት ኪስ ገንዘብ፣ አሥር ዓመትም ሃያ ዓመትም ይሠራል። እኛ ልጃችንን ለጊዩስ (ለውትድርና) ስንሸኝ እናለቅሳለን፤ ግን የሚወጣበትን ወር እናውቃለን፣ ገና ሳይወጣ ድግሱን እናስባለን። የኤርትራ እናት የልጇን መመለሻ ቀን የሚነግራት የለም። ልጁ ከጠፋ ደግሞ ወላጆቹ ሃምሳ ሺህ ናቅፋ ተቀጥተዋል፤ መክፈል ያቃታቸው ታስረዋል። የተባበሩት መንግሥታት መርማሪ ኮሚሽን በጁን 2016 ይህንን ሁሉ መርምሮ በሰብአዊነት ላይ የተፈጸመ ወንጀል ነው አለ። በዝርዝሩ ውስጥ ባርነት፣ አስገድዶ መሰወር፣ ማሰቃየት፣ አስገድዶ መድፈርና ግድያ አሉበት። በባርነት ሥር ያሉትን ከ300,000 እስከ 400,000 ገመታቸው።

ለእኛ ሽማግሌዎች ይህ እንግዳ ወሬ አይደለም። ከገበያ የሚታፈሰውን ልጅ አይተዋል። በቀይ ሽብር ዘመን ጎንደር ውስጥ የአስተዳዳሪው የሻለቃ መላኩ ተፈራ ስም ሲነሣ ሰው ድምፁን እንዴት ዝቅ ያደርግ እንደነበር ያውቃሉ። ዕብራይስጥ ያስተማሩ ሰዎች ታስረው የውስጥ እግራቸው ሲገረፍ ሰምተዋል፤ አንዳንዶቹ በገዛ እግራቸው ቀምሰውታል። ኢትዮጵያ በኦክቶበር 1973 ከእስራኤል ጋር የነበራትን ግንኙነት አቋረጠች፤ ደርግ ደግሞ መውጫውን ዘጋ። በ1977 መሣሪያ ለመንግሥቱ ኃይለ ማርያም እየተሰጠ በለውጡ በሁለት በረራ ጥቂት ሰው ወጣ። በፌብሩዋሪ 1978 ሞሼ ዳያን የመሣሪያውን ነገር በአደባባይ ሲናገር እሱም ቀዳዳ ተደፈነ። የሁለት መንግሥታት ነገር የእኛን ሕይወት እንዲህ እንደ ሸቀጥ ሲያነሣና ሲጥል ኖሯል። ያኔ ነው ወገን በእግሩ ወደ ሱዳን የተነሣው፤ 4,000 ያህሉ በመንገድና በካምፕ ያለቀው። በየዓመቱ በኢየሩሳሌም ቀን ሄርጽል ተራራ ላይ የምናለቅስላቸው እነሱ ናቸው። የኤርትራ ወጣት ሌሊት ድንበር የሚሻገረው ወደዚያው ወደ ሱዳን ነው። ከዚያ በሽፍታ ተይዞ ሲና ውስጥ እየተቃጠለ፣ እናቱ በስልክ ጩኸቱን እየሰማች ማስለቀቂያ ገንዘብ ትጠየቅ ነበር፤ ወይም በሊቢያ አድርጎ ባሕር ይገባል። ኦክቶበር 3 ቀን 2013 ላምፔዱዛ አጠገብ ከ360 በላይ ሰው ሰጠመ፤ አብዛኞቹ ኤርትራውያን ነበሩ።

ታዲያ እኛን ማን አወጣን? ሞሳድ፣ አየር ኃይል፣ ሶኽኑት (የአይሁድ ኤጀንሲ) እንላለን፤ ልክ ነው። ግን መንግሥታት በራሳቸው አልተንቀሳቀሱም። ከ1974 ጀምሮ አሜሪካ ውስጥ ስለ እኛ ማኅበር ያቋቋሙ፣ ደብዳቤ የጻፉ፣ በየምኩራቡ እየዞሩ የለመኑ፣ ባለ ሥልጣን ያሰለቹ ሰዎች ነበሩ። እዚህ ደግሞ በ1979 ገና ጥቂት መቶ የነበሩት ወገኖቻችን፣ ዕብራይስጣቸው ሳይጠነክር፣ ቤተሰቦቻችን እያለቁ ነው ብለው ኢየሩሳሌም ሰልፍ ወጡ። ከዚያም ወዲህ በ1985 በዋናው የረቢዎች ጽሕፈት ቤት፣ በራባኑት ፊት ለፊት ድንኳን ጥለን ሳምንታት ተቀምጠናል። ለአቬራ መንግሥቱ፣ ለአሽቀሎን ልጅ፣ ጋዛ ውስጥ በተያዘባቸው ከአሥር ዓመት በላይ ጮኸናል። ብዙ ሰው ረስቶት ነበር፤ ቤተሰቡና ማኅበረሰቡ ግን አልረሱትም፤ በፌብሩዋሪ 2025 በእግሩ ቆሞ ተመለሰ። ለአንድ ሰው ስም አሥር ዓመት መጮህ ምን እንደሆነ ከእኛ ወዲያ የሚያውቅ ሕዝብ በዚህ አገር የለም ብል አላጋነንኩም።

ጎረቤቶቻችንንም እንያቸው። አሽዶድ የግሩዚኒም ከተማ ናት፤ ከጆርጂያ የመጡት አዛውንቶች ከእኛ ሽማግሌዎች ጋር አንድ አግዳሚ ላይ ይቀመጣሉ። ኦገስት 6 ቀን 1969 የጆርጂያ 18 የአይሁድ ቤተሰቦች ለተባበሩት መንግሥታት የሰብአዊ መብት ኮሚሽን ደብዳቤ ጻፉ፤ ወደ እስራኤል እንድንሄድ ፍቀዱልን አሉ። ያኔ ሶቭየት ኅብረት ውስጥ እንዲህ ያለ ወረቀት ላይ መፈረም ራስን ለኬጂቢ አሳልፎ እንደመስጠት ነበር። እነሱ ግን ስማቸውንና አድራሻቸውን ሳይሸሽጉ ጻፉ። ጎልዳ ሜየር በኖቬምበር በክኔሴት አነበበችው፤ ዓለም ሰማው፤ ከ1971 ጀምሮ በሩ ተከፍቶ በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ መጡ። አሥራ ስምንት ቤተሰብ! በአንድ የሮቫ አሌፍ ሕንፃ መግቢያ ከዚያ የማያንስ ቤተሰብ ይኖራል። እኛ የምንፈርመው ማንም በማያስረን አገር ቁጭ ብለን ነው።

አሁን ወደ ደጃችን እንመለስ። አንድ ኤርትራዊ፣ ሮቫችን አቅራቢያ አትክልት ቤት ሣጥን የሚያወርድ ሰው፣ ወረቀቱን እንዳነብለት ሰጠኝ። ዕብራይስጥ እንደ እኛ ልጆች ይናገራል፤ ማንበብ ግን አልተማረም። ወረቀቱ በላስቲክ ውስጥ ነው። አራት ላይ ከመታጠፉ ብዛት እጥፋቱ ነጥቶ ፊደሉ ጠፍቷል። ፎቶው ላይ ያለው ልጅ ጢም የለውም፤ ፊቴ የቆመው ሰው ሽበት ጀምሮታል። የሚያበቃበትን ቀን አነበብኩለት፤ እሱን ያውቀዋል። ከዚያ በታች ያለችውን መስመር ጠየቀኝ፦ «ይህ ፈቃድ የሥራ ፈቃድ አይደለም» ትላለች። ከመጣ ጀምሮ ሲሠራ፣ ግብር ሲከፍል ነው የኖረው። መንግሥት ይህን እያወቀ በዝምታ ያልፈዋል፤ ወረቀቱ ግን አትሠራም ይለዋል። ሳቀና መልሶ አጠፈው። ልጁ እዚህ ተወልዳ፣ ከእኛ ልጆች ጋር አንድ መዋዕለ ሕፃናት ውላ፣ በዕብራይስጥ ታልማለች። አገሯ የት እንደሆነ ብትጠየቅ አሽዶድ ነው የምትለው።

እስራኤል የስደተኞችን ስምምነት በ1951 የፈረመች፣ በ1954 ያጸደቀች አገር ናት፤ ስምምነቱ የተወለደው ከሾአ (ከአይሁድ ጭፍጨፋ) አመድ ነው። ሆኖም ጥገኝነት ከጠየቁት ኤርትራውያን ስደተኛ ተብለው የታወቁት ከመቶ አንድ አይሞሉም። ወደ ኤርትራ በግድ አይመለሱም፤ ይህ መልካም ነው፣ ሊመሰገንም ይገባል። ግን ደግሞ «ተቀብለንሃል» ወይም «አልተቀበልንህም» የሚላቸው የለም። በ2013 የተከፈተው የሖሎት ማቆያ እስከ ማርች 2018 ሺዎችን ኔጌቭ በረሃ ውስጥ አስቀምጧል። ከ2017 ጀምሮ ከደሞዛቸው 20 በመቶ ተቆርጦ፣ ከአገር ካልወጣችሁ አይሰጣችሁም ተባሉ። ይህን የሻረው በ2020 ከፍተኛው ፍርድ ቤት ነው፤ አቤት ብለው ፍርድ ቤት የወሰዱት ደግሞ ቃቭ ላኦቬድን የመሰሉ የሠራተኛ መብት ድርጅቶች ናቸው። በ2018 መጀመሪያ ወደ ሩዋንዳና ኡጋንዳ ሊላኩ ነው ሲባል ከሾአ የተረፉ አዛውንቶች ለጠቅላይ ሚኒስትሩ ጻፉ፣ ሐኪሞች ፈረሙ፣ አብራሪዎች አናበርም አሉ፣ ደቡብ ቴል አቪቭ ላይ ትልቅ ሰልፍ ተደረገ፤ ዕቅዱም ቀረ። ያኔ ከእኛ መካከል የወጡ ወጣቶች ነበሩ። እንደ ማኅበረሰብ ግን ድምፃችን አልተሰማም፤ ይህ እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል።

ዝም ያልንበት ምክንያት እንዳለ አውቃለሁ። በየቤቱ ሲነገር እሰማዋለሁ፤ ሆድ ይፍጀው ብሎ ማለፍም አይገባም። አንደኛው ፍርሃት ነው። ፖሊስ የእኛን ልጅ መንገድ ላይ ሲያስቆም «ሚስታነን (ሰርጎ ገብ) ነህ?» ይላል፤ ከእነሱ ጋር ብንታይ ደግሞ ይብስብናል ይባላል። ኦክቶበር 18 ቀን 2015 ቤርሼባ ማዕከላዊ አውቶቡስ ጣቢያ ጥቃት ሲፈጸም፣ ምንም ያላደረገው ኤርትራዊ ሃፍቶም ዘርሁም አሸባሪ መስሏቸው ተኩሰው መቱት፣ ወድቆ ሳለም አግዳሚ ወንበር ወረወሩበት፤ ሞተ። ያን ቪዲዮ ያየ የኢትዮጵያ እናት ሁሉ ልጇን አስባለች። እሱን የገደለው ዓይን የእኛን ልጅ መታወቂያ አይጠይቅም። ስለዚህ ከእነሱ በመራቅ የምናተርፈው ደኅንነት የለም፤ አንድ ጥቁር ሰው በመልኩ ብቻ የሚጠረጠርበት አገር ለማናችንም አይሆንም።

ሁለተኛው፣ «እኛ በሑክ ሀሽቩት (በመመለስ ሕግ) መጣን፣ እነሱ ድንበር ጥሰው ገቡ» የሚለው ነው። ልዩነቱ እውነት ነው፤ ማንም አይክደውም። ኤርትራውያኑም በመመለስ ሕግ ዜግነት ስጡን አላሉም። የሚጠይቁት ጉዳያችን አንድ በአንድ ይመርመር የሚል ነው። የደቡብ ቴል አቪቭ ነዋሪዎች ምሬትም የውሸት አይደለም፤ መንግሥት በሺዎች የሚቆጠር ሰው በአውቶቡስ ከድንበር አምጥቶ አንድ ደሃ ሰፈር ላይ አራግፎ ሄደ። ሰፈሩም ስደተኛውም አብረው ተበደሉ።

ሦስተኛው ሴፕቴምበር 2 ቀን 2023 ነው። የአገዛዙ ደጋፊዎችና ተቃዋሚዎች ቴል አቪቭ ውስጥ በዱላና በድንጋይ ተፈላለጡ፤ ከመቶ በላይ ሰው ቆሰለ። ያን ቀን ብዙ ወገኖቼ «እነዚህማ አይረቡም» ብለው ፊታቸውን አዞሩ። ድብደባውን ማንም ሊያጸድቀው አይገባም። ነገር ግን አገዛዙ እጁ እስከዚህ እንደሚደርስ ያ ቀን አሳይቶናል። ውጭ የሚኖር ኤርትራዊ ከገቢው 2 በመቶ ለመንግሥቱ ይከፍላል። ሰነድ ሲፈልግ፣ የወላጁን ቤት ሊያስጠግን ሲል፣ በሕገ ወጥ መንገድ የወጣ ከሆነ «ጥፋተኛ ነኝ፣ ቅጣቱንም እቀበላለሁ» የሚል የጸጸት ቅጽ ይፈርማል። ያልፈረመ ሰው እናቱ በእጃቸው ናት። የሚፈራ ሰው ደጋፊ መስሎ ቢታይ አይገርምም።

አገዛዙ የተገለለ ነው ይባላል፤ ግን ሲፈልግ ወዳጅ አያጣም። በማርች 2022 የተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ ሩሲያ ዩክሬንን መውረሯን ሲያወግዝ «አይሆንም» ያሉት አምስት ነበሩ፤ ሩሲያ፣ ቤላሩስ፣ ሰሜን ኮሪያ፣ ሶርያ እና ኤርትራ። የካናዳው ኔቭሰን በቢሻ የወርቅና የመዳብ ማዕድን ሲያወጣ በግዳጅ አሠርቶናል ያሉ ኤርትራውያን ስደተኞች ከሰሱት፤ የካናዳ ጠቅላይ ፍርድ ቤትም በፌብሩዋሪ 2020 ክሱ ይታያል ብሎ ፈረደላቸው። ኃያል ኩባንያ በጥቂት ስደተኞች ፊት ቆመ። ከእስራኤል ጋር ያለውም ነገር የቆየ ነው። ኢሳይያስ በ1993 በወባ ታመው እዚህ ታክመው ድነዋል፤ አስመራ የነበረው ኤምባሲያችን ግን በ2022 ተዘግቷል። ነገ ቀይ ባሕር ሲነሣ በሩ ሊከፈት ይችላል። ሲከፈት የእስረኞቹ ስም ጠረጴዛው ላይ እንዲኖር ማን ይጠይቃል? ይስሐቅ ሻሚር በእንግሊዞች ተይዞ አስመራ አጠገብ ሰንበል ታስሮ ነበር፤ በጃንዋሪ 1947 በቆፈሩት ዋሻ ሾልኮ በአዲስ አበባ በኩል አመለጠ። ዘመቻ ሰሎሞን ሲፈጸም ጠቅላይ ሚኒስትሩ እሱ ነበር። ይህ አገር የአስመራን እስር ቤት በመሪው አንገት ላይ ያውቀዋል።

አንድ ነገር ደግሞ ሳልደባብቅ ልናገር፤ ይህ ጥሪ የአሰብ ወደብ ጥሪ አይደለም። ሰሞኑን በአማርኛ የኤርትራን አገዛዝ ግፍ የሚዘረዝር ሁሉ ግፉን ሲጨርስ ወደብ ላይ ይደርሳል። እኔ ወደብ አልፈልግም፤ ጦርነትም አልፈልግም። ከ1998 እስከ 2000 በባድመ ያለቀው ወጣት፣ በ2020 የኤርትራ ወታደሮች አክሱም ላይ የገደሉት ሲቪል ይበቃናል። ኢትዮጵያም የድንበር ኮሚሽኑን ውሳኔ ለዓመታት አልቀበልም ብላ ለአገዛዙ ሰበብ ሰጥታዋለች። ሌላ ጦርነት ቢነሣ መጀመሪያ ግንባር የሚሰለፈው ያው ከሳዋ የወጣው ልጅ ነው። ለእስረኛ የምንጮኸው እስረኛው እንዲፈታ ብቻ ነው። ከኤርትራ ሕዝብ ጋር የሚያጣላን ነገር የለም።

እንግዲህ ምን እናድርግ? ደብዳቤ እንጻፍ። እንደ ጆርጂያ ቤተሰቦች፣ በስም፣ በአድራሻ፣ በሁለት ቋንቋ፣ በአማርኛና በዕብራይስጥ። ሦስት ነገር ይበቃል። የኤርትራውያን የጥገኝነት ማመልከቻ አንድ በአንድ ተመርምሮ በጊዜው መልስ ይሰጠው። ማንም በግድ ወደ ኤርትራም ሆነ ዋስትና ወደሌለው ሦስተኛ አገር አይላክ። እስራኤል ከአስመራ ጋር በምትነጋገርበት ጊዜ ሁሉ የእነ ዳዊት ይስሐቅን፣ የእነ ሲሃም ዓሊን፣ የእነ አስቴር ዮሐንስን ስም ታንሣ። ደብዳቤው ለጠቅላይ ሚኒስትሩ፣ ለአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስትሩና ለውጭ ጉዳይ ሚኒስትሩ ይሂድ፤ ለእያንዳንዱ የክኔሴት አባልም ቅጂው ይድረሰው፤ በተለይ ምርጫ ሲደርስ ሮቫ አሌፍ መጥተው ዳቦ ለሚቀምሱት።

የትግራይ ልጆች የሆናችሁ፣ ከሽሬ፣ ከወልቃይት የመጣችሁ ትግርኛ የምትናገሩ እናቶችና አባቶች፦ በዚህ ከተማ የእናንተን ያህል የሚያስፈልግ ሰው የለም። አንዲት ኤርትራዊት ወላድ ሐኪሙ የሚላትን ሳትሰማ አልጋ ላይ ስትተኛ፣ የልጇ መምህርት የላከችው ወረቀት ሳይነበብ ሲቀር፣ አጠገቧ ተቀምጦ የሚያስተረጉም አንድ ሰው ምን ማለት እንደሆነ ከኡልፓን (ከዕብራይስጥ ትምህርት ቤት) ዘመናችሁ ታውቁታላችሁ። ሕግ የተማራችሁ፣ በሆስፒታል የምትሠሩ፣ የማኅበራዊ ሠራተኛ የሆናችሁ ልጆቻችን ደግሞ በወር አንድ ማታ ስጡ። ያፎ ያለው የሐኪሞች ለሰብአዊ መብት ክሊኒክ፣ ቃቭ ላኦቬድ፣ ለስደተኞች የቆሙት ድርጅቶች ሁሉ በጎ ፈቃደኛ ይፈልጋሉ፤ አማርኛና ትግርኛ የሚያውቅ ሲመጣላቸው በእልልታ ነው የሚቀበሉት። ቄሶቻችን በሲግድ ዕለት ጸሎቱ ሲያልቅ የታሰሩትን በስም ያንሡልን፤ ምርኮኛን ማስፈታት ትእዛዝ መሆኑን እናንተ ናችሁ ያስተማራችሁን።

ሴፕቴምበር 18 በየዓመቱ የእስረኞቹ ቀናችን ይሁን፤ ሰንበት ወይም በዓል ከገጠመው በማግሥቱ። በዚያ ምሽት ሮቫ አሌፍ ውስጥ፣ ሁላችን በምናውቀው አደባባይ፣ እያንዳንዳችን የአንድ እስረኛ ስም የተጻፈበት ወረቀት ይዘን እንቁም። ኤርትራውያን ጎረቤቶቻችንን እንጥራቸው፤ ፊታቸው እንዳይታይ የሚፈልጉ አሉና ፎቶ ስታነሡ ፈቃድ ጠይቁ። ግሩዚኒሙን፣ ከሩሲያ የመጡትን፣ በ1956 የመጀመሪያዎቹን የአሽዶድ ቤቶች የገቡትን የሞሮኮ ልጆች እንጥራ፤ እነሱም የተዘጋ በር ምን እንደሆነ የሚያወሩት አላቸው።

ፊርማው ከመጪው ሳምንት ይጀመር። በየሕንፃው መግቢያ አንድ ሰው ኃላፊ ይሁን፤ ቅጹን በየቤቱ ይዞ ይውጣ፤ በአዛውንቶች ሞአዶን (መሰብሰቢያ)፣ በሥራ ቦታ፣ በለቅሶ ቤትም ጭምር ያስፈርም። ቤተሰብ በቤተሰብ ይፈረም፤ የልጆቹም ስም ከወላጆቹ ሥር ይስፈር። መጻፍ ያልተማረች እናት በአውራ ጣቷ ትፈርም፤ ስሟንም ቅጹን የያዘው ልጅ በአማርኛ አጥርቶ ይጻፍላት። የመጀመሪያዎቹ አሥራ ስምንት ቤተሰቦች ፊርማ እንደተሟላ ደብዳቤው ይላካል፤ የቀረው እየተከተለ ይላካል።